የኮርኔሉ ቅጂ የማን ነው? የሳምንቱ ክርክር

አወያይ፦ የዛሬው ርዕስ ይኸውላችሁ። ግሬትፉል ዴድ የሚባለው የሳን ፍራንሲስኮ ሳይኬደሊክ ሮክ ባንድ ሜይ 8 ቀን 1977 (በእኛ ሚያዝያ 30 ቀን 1969) ኒውዮርክ ውስጥ ኢታካ ከተማ፣ ኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ባርተን ሆል አዳራሽ ተጫወተ። ቅጂው ለ30 ዓመት ገደማ በነፃ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር ኖረ። በ2017 በ3 ሲዲ አልበም ሆኖ ለሽያጭ ወጣ። ጥያቄው፦ ሕዝብ በነፃ ሲቀባበለው የኖረን ኮንሰርት ለዚያው ሕዝብ መሸጥ ተገቢ ነው ወይ? ከዚህ በኋላ ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ይሁኑ፣ እንዳንደናገር።

ሸገር 77፦ ተገቢ አይደለም። ይሄ እኮ ራሱ «ቅዱ» ያለ ባንድ ነው! ከ1984 ጀምሮ ለሚቀዱ ሰዎች ለብቻ ቲኬት ነበራቸው። ከሚክሰሩ (ከድምፅ ማቀናበሪያው) ጀርባ ቦታ ይሰጣቸዋል፣ ማይካቸውን ረጅም ዘንግ ላይ ሰቅለው ይቀዳሉ። ክልክሉ አንድ ነው፤ መሸጥ የለም። ቅጂ የፈለገ ሰው ባዶ ካሴትና የመመለሻ ቴምብር ይልካል፣ ያለው ሰው ቀድቶ ይልክለታል። የባንዱ ጊታሪስትና ዘፋኝ ጄሪ ጋርሲያም ራሱ እኛ ተጫውተን ከጨረስን የእነሱ ነው ባይ ነበር። ታዲያ የሰጡትን መልሰው ሲሸጡ ምን ይባላል?

ጠበቃው፦ ቀስ በል ወንድሜ። መቅዳት መፍቀድ ሌላ፣ መብት አሳልፎ መስጠት ሌላ። ጎረቤቴ ከጓሮዬ ጎመን እንድትቀጥፍ ፈቀድኩ ማለት ጓሮውን ሸጥኩላት ማለት አይደለም።

ሸገር 77፦ ጎመኑን 30 ዓመት ውሃ ስታጠጣ የኖረችው እሷ ብትሆንስ?

የዲሲዋ፦ ሁለታችሁም የምትከራከሩት በሌላ ካሴት ላይ ነው። ታዋቂው የኮርኔል ቅጂ ተመልካች መሀል ቆሞ የተቀዳ አይደለም። የቀዳችው የባንዱ የድምፅ ባለሙያ ቤቲ ካንተር ጃክሰን ናት፤ ቀጥታ ከመድረኩ መስመር፣ በሪል (በትልቁ ጥቅል ቴፕ)። ኋላ ከባንዱ ተለየች፣ ኑሮም ከበዳት፣ ሪሎቹን ያስቀመጠችበትን መጋዘን ኪራይ መክፈል አቃታት። በ1986 ዕቃው በጨረታ ተሸጠ። ሪሎቹ በማያውቋት ሰዎች እጅ ገቡ፣ ከዚያ እየተባዙ ዞሩ። ስለዚህ ይህንን ማንም ለማንም «አልሰጠም»። ባንዱም ቢሆን ዋናው ሪል እጁ ላይ ስላልነበረ ነው እስከ 2017 ያላወጣው።

ሸገር 77፦ ይሄን አላውቅም ነበር። ግን ለእኔ ነው የሚያደላው! ባለቤት ነኝ የሚለው ድርጅት ዝም ብሎ ሲያይ፣ ሻጋታውን ጠርጎ ያዳነው አድናቂው ነው።

የዲሲዋ፦ እሺ፣ ያዳነው አድናቂው ነው። የቀዳችውስ? ሰዉ ሁሉ ቅጂዎቹን «ቤቲ ቦርድስ» (የቤቲ የሚክሰር ቅጂዎች እንደማለት) እያለ በስሟ ይጠራል። ስሟን ሁሉም ያውቃል፣ የመጋዘኗን ኪራይ ግን የከፈለላት አልተገኘም። እኔን የሚያበሳጨኝ እሱ ነው። የባንዱና የአድናቂው ጭቅጭቅማ የሀብታም ጭቅጭቅ ነው።

ጋሽ ሪል፦ እኔ ካሴት ቤት ብዙ ዓመት ስለሠራሁ አንድ ነገር ልበል። እናንተ ቅጂ ስትሉ ሁሉም አንድ ይመስላችኋል። ከካሴት ወደ ካሴት ሦስት ጊዜ ካስቀዳችሁት ሲንባሉ ጠፍቶ ሽሽሽ ብቻ ነው የሚቀረው። ደግሞ አንዱ ቴፕ ሲፈጥን ሌላው ይጎተታል፣ ዘፋኙ ጉንፋን የያዘው ይመስላል። እኛ ቤት ደንበኛ ሲቆጣ «ቴፕህ ባትሪ ጨርሶ ነው» እንል ነበር። የኛ ጥፋት መሆኑን እያወቅን! የኮርኔሉ አልበም ላይ የተሠራውን ሥራ አንብቤ ገርሞኛል። ቴፕ ሲቀዳ ጆሮ የማይሰማው በጣም ቀጭን ድምፅ አብሮ ይገባል። እሱን ከሪሉ ላይ ፈልገው አውጥተው፣ በሱ እየለኩ የፍጥነቱን መዋዠቅ አስተካከሉ። ይሄ ዋጋ አለው። ልጆች፣ የተሸጠው ያ ልፋት ነው።

ሸገር 77፦ ጋሼ፣ ልፋቱን አልናቅኩም። ለልፋቱ እኔም ልከፍል እችላለሁ። የእኔ ፍርሃት ሌላ ነው። በ2005 የባንዱ ሰዎች ኢንተርኔት አርካይቭ በሚባለው ድረ ገጽ ላይ በነፃ ይወርዱ የነበሩትን ቅጂዎች በአንድ ጊዜ አስነሱ። አድናቂው ሲጮህ ከተመልካች መሀል የተቀዱትን መለሱ፣ ከሚክሰር የተቀዱትን ግን ማዳመጥ ብቻ እንጂ ማውረድ የለም ተባለ። መሸጥ ሲጀመር ነፃው ይዘጋል። እሱን ነው የምለው።

ጠበቃው፦ እዚህ ላይ ልክ ነህ። መብቱ አላቸው፣ አደራረጋቸው ግን ደስ አይልም። ያም ሆኖ የኮርኔሉን ኮንሰርት የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ሊጠበቁ ከሚገባቸው የድምፅ ቅርሶች መዝገብ ያስገባው አልበሙ ከመውጣቱ ከዓመታት በፊት ነው። ማለትም ቅርስ ያደረገው በነፃ መዞሩ ነው። ይሄን አምኜልሃለሁ።

ሸገር 77፦ ጠበቃ ሲያምን ስክሪንሾት ያዙ!

የመርካቶ ልጅ፦ ሰዎች፣ እኔ ደግሞ ነገሩን ወደ ቤት ላምጣው። ዋልያስ ባንድ ሂልተን ስንት ሌሊት ተጫወተ? በደርግ ጊዜ በሰዓት እላፊ ምክንያት በር ተዘግቶ እስኪነጋ የተጨፈረባቸው ቤቶች ነበሩ። የዚያ ሌሊት ሙዚቃ የት አለ? ስቱዲዮ የተቀዳውማ ኢትዮጲክስ በሚባሉት ተከታታይ ሲዲዎች ተሰብስቦ ዓለም ሰማው። ሌሊቱን ግን ማንም አላመጣልንም። እኔ በ3 ሲዲ ቢሸጡልኝ ሳልከራከር እገዛለሁ። እነዚህ ፈረንጆች የሚጣሉበት ነገር ስላላቸው ታድለዋል።

ጋሽ ሪል፦ የለም አትበል። እኔ ቤት ቁም ሳጥን ላይ አንድ ካሴት አለ። የሆቴል ሌሊት ነው። አንድ ደንበኛ ሊያስባዛ አምጥቶት ሳይመለስ ቀረ። መሀል ላይ ብርጭቆ ሲሰበር ይሰማል፣ ከዚያ ከበሮ መቺው ይስቃል።

የመርካቶ ልጅ፦ ጋሼ!!! እባክዎ ነገ ዛሬ ሳይሉ ወደ ዲጂታል ያስቀይሩትና እዚህ ይልቀቁልን።

የዲሲዋ፦ እኔ ወጪውን እልካለሁ።

ሸገር 77፦ በነፃ ነው የሚለቀቀው አይደል?

ጋሽ ሪል፦ ማስቀየሩን አስቀይረዋለሁ። መልቀቁ ላይ ግን ታገሱኝ። ጊታሩን የመታው ሰው በሕይወት አለ፣ ሰፈሩንም አውቀዋለሁ። እሑድ ሄጄ እጠይቀዋለሁ።