“መጀመሪያ ቦታችንን እንወቅ” ያለው ሰውዬ

የአቶቴ ልጅ፦
የግሩፑ ሰዎች፣ ዛሬ ጠዋት ፒያሳ ማኪያቶ ልጠጣ ገብቼ ደሜ ፈልቶ ነው የወጣሁት። ቴሌቪዥኑ አፍሪካ በተባበሩት መንግሥታት የጸጥታው ምክር ቤት ቋሚ ወንበር ይሰጠኝ ስለማለቷ ያወራል። አጠገቤ የነበረ ክራባት ያሰረ ሰውዬ ሲኒውን አስቀመጠና “አይ እኛ! መጀመሪያ ቦታችንን እንወቅ” አለ። አብረውት ያሉት ሳቁ። ቦታችን የት ነው? 54 አገር ነን፤ ምክር ቤቱ ዓመቱን ሙሉ በእኛ ጉዳይ ይሰበሰባል፤ ቋሚ ወንበር ግን ዜሮ። ይሄን የሚል የአድዋ ልጅ ነው?

ባጃጁ፦
ማኪያቶ ስንት ገባ? እኔን የሚያናድደኝ እሱ ነው።

ሚዛን፦
ሰውየው እኔ ነኝ። ክራባት ግን አላሰርኩም። ንግግሬንም ቆርጠህ ነው ያመጣኸው። “ቦታችንን እንወቅ፣ ከዚያ እንጠይቅ” ነው ያልኩት። 5ቱ ቋሚ አባላት፣ እነ አሜሪካና ፈረንሳይ፣ ወንበሩን የያዙት በ1937 ሁለተኛውን የዓለም ጦርነት ባሸነፉ ጊዜ ነው። ቻርተሩን ለመቀየር የአባላቱ 2/3ኛ ድምፅ አይበቃም፤ 5ቱም ራሳቸው ማጽደቅ አለባቸው። ባለቤቱ ያልፈረመበት ቤት ይሸጣል እንዴ?

የአቶቴ ልጅ፦
ኧረ! አንተ ነህ? በል እንኳን ተገናኘን። ክራባቱን ግን በዓይኔ አይቻለሁ።

ጋሽ ታቦር፦
ልጄ ሚዛን፣ “ባሸነፉ ጊዜ” ያልካት ላይ ቆም በል። ፈረንሳይ አሸነፈች? ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ጃንሆይ አዲስ አበባ ሲገቡ ፓሪስ ላይ የሚውለበለበው የጀርመን ባንዲራ ነበር። የወረደው ከ3 ዓመት በኋላ ነው። ቀድማ ነጻ የወጣችው አገር ከ51ዱ የተባበሩት መንግሥታት መሥራቾች አንዷ ተብላ ተራ ወንበር ያዘች፤ ኋላ የወጣችው ቬቶ፣ ውሳኔ ብቻዋን የመሻር ሥልጣን፣ ያዘች። የድል ሂሳብ እንዲህ ነው?

ሚዛን፦
ጋሼ፣ አክብሮቴ እንዳለ ሆኖ፣ ጃንሆይ የገቡት ከእንግሊዝ ጦር ጋር ነው።

ጋሽ ታቦር፦
የፈረንሳዩ መሪ ደጎልስ ፓሪስ ከማን ጋር ገባ? ብቻውን መጣ? ደግሞ አርበኛውን በአንድ ዓረፍተ ነገር አትሰርዝብኝ። አባቴ 5 ዓመት በረሃ ነበሩ።

ባጃጁ፦
ጋሼ 1፣ ሚዛን 0።

ሚዛን፦
እሺ፣ ድል ብቻ አይደለም፤ ተቀብያለሁ። ፈረንሳይ እንድትገባ የወተወተው ቸርችል ነው። ግን ይሄም ለእኔ ነው የሚመሰክረው። ሰርግ ቤት ገብቶ ማንም ሳይጠራው ከሙሽሮቹ አጠገብ የሚቀመጥ ሰው አላችሁ? አስተናጋጁ መጥቶ “ጋሼ፣ ይቺ ተይዛለች” ይለዋል። ዝቅ ብሎ የተቀመጠውን ግን ባለሰርጉ ራሱ “ኧረ በሞቴ፣ ወደ ላይ ከፍ ይበሉ” ብሎ እጁን ይዞ ይወስደዋል።

የአቶቴ ልጅ፦
ይሄው፣ ወጣልህ! ለአንተ ዓለም የሰው ሰርግ ነው፣ እኛ ተጋባዥ። እኛ እኮ ድንኳኑ ሲተከል ካስማ ይዘን ነበር። ዝቅ ብለን ስንቀመጥ ደግሞ ማን ከፍ በሉ አለን? መስከረም 2015 የእንግሊዟ ንግሥት ኤልሳቤጥ ቀብር ላይ ያየነውን ረሳኸው? የኬንያው ሩቶ አውቶቡስ ውስጥ፣ የታንዛኒያዋ ሳሚያ ሱሉሁ አውቶቡስ ውስጥ፣ ባይደን በገዛ መኪናው። “አውቶቡሱ ለሁሉም መሪ ነው” ተብሎ ነበር። ሁሉም ሲባል አሜሪካ የለችበትም ማለት ነው።

ባጃጁ፦
መሪዎችን በሰርቪስ! ረዳቱ “ኋላ ጠጋ ጠጋ በሉ” ብሏቸው ይሆን?

ሚዛን፦
የጃፓኑ ንጉሠ ነገሥትም በአውቶቡስ ነው የሄዱት። ጃፓን ስታለቅስ ሰማችሁ? በራሱ የሚተማመን አይቆጣም።

ጋሽ ታቦር፦
የተሽከርካሪ ነገር ቀላል አይደለም ልጆቼ። በዚያችው ለንደን እ.ኤ.አ. በ1661 የስዊድን አምባሳደር አቀባበል ላይ የስፔንና የፈረንሳይ አምባሳደሮች ሠረገላ “እኔ ልቅደም፣ እኔ ልቅደም” ተባብሎ ሰው ሞቶበታል። ሉዊ 14ኛ ስፔንን ይቅርታ እስኪያስጠይቅ አላረፈም። እንዲህ ያለው ጣጣ ስላስቸገራቸው ነው በ1815 ቪየና ላይ አምባሳደር በደረሰበት ቀን ይሰለፍ ያሉት። ዛሬም ቀድሞ የመጣ የትንሽ ደሴት አምባሳደር ከአሜሪካው ፊት ይቆማል። እኛም ፊት ቆመን እናውቃለን። ኅዳር 1956 ኬኔዲ ሲቀበር ጃንሆይ በመጀመሪያው ረድፍ ከደጎል ጋር ነበሩ። ፎቶው ሳሎኔ ተሰቅሏል። ደጎል እንደ ባሕር ዛፍ ተገትሯል፣ ጃንሆይ ትከሻውም አይደርሱ፤ ሰው ግን መጀመሪያ የሚያየው እሳቸውን ነው። ያን ቀን አውቶቡስ ያቀረበላቸው አልነበረም።

ዝምተኛው፦
ፎቶው ያምራል ጋሼ። ከ10 ዓመት በኋላ በረሃቡ ጊዜ ወሎ ላይ የተነሳውንስ አጠገቡ ሰቅለውታል?

ጋሽ ታቦር፦
አንተ ልጅ፣ ከአባትህ ጋር አንድ ትምህርት ቤት አስተምሬያለሁ። እሱ እንዲህ አይናገረኝም።

ዝምተኛው፦
አባቴንማ እርስዎ ቢሮዎ ሲጠሩት አይቀመጥም ነበር።

አድሚን፦
ጃንሆይና ደርግ ውስጥ እንዳትገቡ! ባለፈው በዚህ ምክንያት 11 ሰው ግሩፑን ለቋል። አንዱ የእቁቡ ሰብሳቢ ነበር።

የአቶቴ ልጅ፦
ወደ ሚዛን ልመለስ። “ቦታችንን እንወቅ” ብለው ቢሆን ምኒልክ ውጫሌ ላይ እጅ ሰጥተው ይቀሩ ነበር። አንቀጽ 17 እኮ ራሱ “ቦታሽን እወቂ፣ ከዓለም ጋር በእኔ በኩል ተነጋገሪ” ማለት ነው። በ1888 መልሱን ሰጧቸው። ከዚያ ወዲያ ነው አውሮፓ ሌጋሲዮን፣ ማለት የዲፕሎማት ቢሮ፣ ልክፈት እያለ አዲስ አበባ የተሰለፈው።

ሚዛን፦
ሰልፉን አልክድም። ግን ከአድዋ 10 ዓመት ብዙም ሳያልፍ፣ በ1899፣ እንግሊዝ ፈረንሳይና ጣሊያን ለንደን ተቀምጠው አገራችንን በካርታ ላይ “ይሄ የኔ ጥቅም፣ ይሄ ያንተ” ብለው ተካፈሉ። ምኒልክን ማን አማከረ?

የአቶቴ ልጅ፦
ምኒልክም “ስላሳወቃችሁኝ አመሰግናለሁ፤ ሥልጣኔን ግን አይገድበውም” ብለው መለሱ።

ሚዛን፦
መለሱ። ውሉ ተቀደደ? በ1916 የመንግሥታቱ ማኅበር አባል ሆንን፤ ወረቀት ላይ ከጣሊያን እኩል። በ1928 ጣሊያን ስትመጣብን ማኅበሩ ማዕቀብ ጣለ፤ ነዳጅ ግን አልነካም፣ የስዌዝ ቦይም አልተዘጋ። የጣሊያን መርከብ መርዙን ጭኖ ክፍያውን ከፍሎ አለፈ። እኩልነት ወረቀት ላይ ነበረን ጌታው።

ሶሲ፦
እናንተ ስለ ወንበር ታወራላችሁ። እኔ የተቀማሁትን ወንበር ልንገራችሁ። እዚሁ ኢንዱስትሪ ፓርክ ስፌት ላይ ነበርኩ። የምሰፋው እጅጌ ነው። ቀኑን ሙሉ የግራ እጅጌ፤ ሸሚዙ አልቆ ሲታጠፍ አይቼው አላውቅም። 4 ሆነን አንድ ክፍል ተከራይተን፣ ገና ሳይነጋ በነጠላ ተጀቡነን ሰርቪስ እንጠብቃለን። ኅዳር 2014 የመስመራችን አለቃ ሰብስባን “አጎዋ ሊነሳ ነው” አለች። አጠገቤ ያለችው ልጅ “አጎዋ የቱ ሥራ አስኪያጅ ነው?” ብላ ጠየቀችኝ። እኔም አላውቅም ነበር። ኋላ ነው የገባን፦ ልብሳችን ያለ ቀረጥ አሜሪካ የሚገባበት ሕጋቸው ነው፣ የሚሰጡትም የሚነሱትም እነሱ። ታኅሣሥ 23 ተነሳ። ጊኒና ማሊም አብረውን ተነሱ። ጦርነቱ ሰሜን፣ ፊርማው ዋሽንግተን፣ ሥራ የፈታሁት እኔ ሐዋሳ። ባጄን ማንም መልሽ አላለኝም፤ እስካሁን መሳቢያዬ ውስጥ አለ። እና ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ከደጎል ጎን መሄዳችን ለእኔ ምን ያደርግልኛል? እኛ ፈርመን ኒው ዮርክ ውስጥ አንዲት ሴት ሥራ ማስፈታት እንችላለን?

ባጃጁ፦
ሶሲ ቀልዴን ሁሉ አጠፋሽብኝ።

ሚዛን፦
ሶሲ ያለችው እኮ እኔ ያልኩትን ነው።

ሶሲ፦
በፍጹም! በአፌ አትናገርበት። አንተ “ቦታችንን እንወቅ” ነው ያልከው። እኔ ቦታዬን ከማንም በላይ አውቀው ነበር፤ መስመር 7፣ ማሽን 12። ማወቄ ምን አተረፈልኝ?

የአቶቴ ልጅ፦
እጅሽን ይባርከው! ለዚህ እኮ ነው ታኅሣሥ 2016 የእነ ቻይናና ሩሲያ ማኅበር ብሪክስ የገባነው። አንድ በር ቢዘጋ ሌላ በር።

ባጃጁ፦
ሐይቁ ዳር አሞራ ገደል ጠዋት ሄዳችሁ አባ ኮዳዎቹን፣ ትልልቆቹን ወፎች፣ እዩ። ዓሣ አጥቢው ሆድ ዕቃ ሲወረውር ትልቁ አንገቱን ዘርግቶ ይቀልባል፣ ትንንሾቹ ዙሪያውን ይቆማሉ። አንዱ ትንሽ ወፍ ከዚህኛው ዓሣ አጥቢ ወደዚያኛው ቢሄድ እዚያም ትልቅ አባ ኮዳ አለ። ፖለቲካ አልተናገርኩም፣ ስለ ወፍ ነው።

የአቶቴ ልጅ፦
አንተ ደግሞ ሁሌ ወፍ። የአፍሪካ ጥያቄ ግልጽ ነው፤ ከ1997 ጀምሮ ኅብረቱ 2 ቋሚ ወንበር ከነቬቶው ይሰጠን እያለ ነው። ጳጉሜ 2015 ቡድን 20 ኅብረቱን አባል አላደረገም? ካልጠየቁ አይሰጥም።

ሚዛን፦
በጣም ጥሩ። 2ቱ ላይ ማን ይቀመጥ? ስም ጥራ።

የአቶቴ ልጅ፦
እሱን አፍሪካ ትወስን።

ሚዛን፦
አይ፣ ስም ጥራ። ናይጄሪያ፣ ደቡብ አፍሪካ፣ ግብፅ ናቸው የሚነሱት። ሐምሌ 2013 የህዳሴው ግድብ ምክር ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ሲቀርብ ካይሮ ቬቶ ይዛ ብትቀመጥ ምን እንደምንሆን አስበኸዋል? ወንበሩ ለአፍሪካ ተሰጠ ብለህ ታጨበጭባለህ?

ጋሽ ታቦር፦
እዚህ ላይ ሚዛን ትክክል ነው። የኅብረቱ መቀመጫ አዲስ አበባ ሆኖ ወንበሩን ሌላ ሊወስደው ነው? በ1955 32 አገር ሰብስበን ቻርተር ያስፈረምነው እኛ!

ዝምተኛው፦
ጋሼ፣ አሁን እርስዎም ከአፍሪካ ውስጥ እኛ እንቅደም እያሉ ነው። ሠረገላዋ ራሷ።

ጋሽ ታቦር፦
ሠረገላ አይደለም፣ ታሪክ ነው።

የአቶቴ ልጅ፦
ርዕስ አትቀይሩ። ሚዛን፣ አሁንም “ቦታችንን እንወቅ” ትላለህ ወይስ አትልም?

ሚዛን፦
እላለሁ።

ሶሲ፦
አጎዋ ተመልሷል የሚል ነገር የሰማ አለ? ጓደኛዬ የሆነ ቦታ ምዝገባ አለ ብላ ነበር። በውስጥ መስመር ንገሩኝ።

ሚዛን፦
ክራባቱ ደግሞ ክራባት አይደለም፤ የባጅ ገመድ ነው። ጠዋት ስብሰባ ነበረብን፣ ሳላወልቀው ነው የመጣሁት።

የአቶቴ ልጅ፦
ቀይ ነበር።

ሚዛን፦
ሰማያዊ ነው!

ባጃጁ፦
ማኪያቶው ስንት እንደሆነ እስካሁን የነገረኝ የለም።