ክርክር፦ የድሮ የእጅ ጌም መቅዳትና ወደ አማርኛ መመለስ ይፈቀድ ወይስ ይቅር?

ሐይቅ ዳር፦ ሰላም የሐዋሳ ልጆች። ትናንት አንዱ ልጃችን ጌም ቦይ በሚባለው የኔንቲዶ ኩባንያ የድሮ የእጅ መጫወቻ ላይ ያለ የአንድ ጌም ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው ሲል ግማሹ ጎሽ አለ፣ ግማሹ ሌብነት ነው አለ። እዚሁ እንከራከርበት። እኔ ይፈቀድ ባይ ነኝ። ጌም ቦይ የወጣው በ1989 እ.ኤ.አ. ነው። የአሜሪካው የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት፣ እዚያ አገር ከ2010 በፊት ከወጡት ጌሞች 87 በመቶው ያኔ ገበያ ላይ አልነበሩም። በዚያው ዓመት ኔንቲዶ ስሪ ዲኤስ የተባለውን ሌላ የእጅ መጫወቻውን የኢንተርኔት መደብር ዘጋ። ልግዛ ብትል እንኳ የሚሸጥልህ የለም።

ታቦር ስር፦ አይሸጥምና ልውሰደው ነው? ወንድሜ፣ ስንቱ ዘፋኝ ነው ካሴቱ በወጣ ማግስት በየሱቁ እየተገለበጠ ባዶ እጁን የቀረው! ያኔም ለሕዝብ ይዳረስ ነበር የሚባለው። እኔ ፕሮግራም ጽፌ ነው የምበላው። ሥራውን ይሽጠው አይሽጠው የሚወስነው ባለቤቱ ነው።

የፒያሳው ጠጋኝ፦ ሕጉን ለእናንተ ልተው፤ እኔ በእጄ የማየውን ልናገር። ብዙ የጌም ቦይ ካሴት ውስጥ ሳንቲም የምታክል ባትሪ ተበይዳለች። ተጫዋቹ የደረሰበትን የምትይዘው እሷ ናት። ሰዓት የሚቆጥሩት፣ እንደ ፖክሞን ጎልድ ያሉት፣ ቶሎ ይጨርሷታል። አሮጌዋን ስነቅል የተቀመጠው ሁሉ ይጠፋል፤ ስለዚህ አስቀድሜ ወደ ኮምፒውተር እገለብጠዋለሁ። መቅዳት ክልክል ካላችሁ ጥገናዬንም ከለከላችሁ።

የሕግ ተማሪዋ፦ ጋሼ፣ እርስዎ የሚገለብጡት የተጫዋቹን ማስቀመጫ ነው፣ ጌሙን አይደለም። ጌሙን በተመለከተ የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 ማባዛትንም መተርጎምንም ለሥራው ባለቤት ይሰጣል። ፕሮግራሙን በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ለመጠባበቂያ አንድ ቅጂ ቢያስቀር ይፈቀድለታል። አንድ! ግሩፕ ላይ መበተን እዚያ ውስጥ አይገባም።

ሐይቅ ዳር፦ እህቴ፣ ልጁ መቼ ጌሙን በተነ? የሚሰጠው የተቀየረውን ክፍል ብቻ የያዘ ትንሽ ፋይል ነው። ጌሙ የሌለው ሰው ምንም አያደርግበትም። ማዘር 3 የተባለው ጌም በ2006 ጃፓን ብቻ ወጥቶ ሲቀር፣ ወዳጆቹ በ2008 እንግሊዝኛውን ያዳረሱት በዚሁ መንገድ ነው።

እስቲ ሥራውን ቀረብ ብላችሁ እዩት። ጌም ቦይ ስክሪኑን የሚሞላው 8 በ8 ፒክሰል (የስክሪን ነጥብ) በሆኑ ካሬዎች ነው፤ ለጀርባው ምስል በአንድ ጊዜ መጥራት የሚችለውም 256 የተለያዩ ካሬዎችን ነው። ለእንግሊዝኛ ይተርፋል። የእኛ 33 ፊደል በሰባት ሲባዛ ግን 231 ነው፣ ዲቃሎቹ ሳይቆጠሩ። ለዛፉ፣ ለቤቱ፣ ለመንገዱ ምን ቀረ? ልጁ ለእያንዳንዱ ንግግር የሚያስፈልጉት ፊደላት ብቻ በየተራ እንዲጫኑ አደረገ። በዚያች ጠባብ ካሬ ውስጥ ጠን ከጨ እንዲለይ አድርጎ መሳል ምን ያህል ዓይን እንደሚፈጅ ሞክሩት። ሕጉ መተርጎምን ለባለቤቱ እንደሰጠ ገብቶኛል፤ ባለቤቱ ግን ይህን ለእኛ ብሎ አይሠራውም። ታናናሾቻችን በቋንቋቸው አንብበው ቢጫወቱ ማን ተጎዳ?

ታቦር ስር፦ መልፋቱን አልካድኩም፣ ያኮራል። ግን በየሱቁ ሺህ ጌም አለው እየተባለ የሚሸጠውን ማሽን ስታወግዙ አልሰማሁም። ነገ የልጁን አማርኛ እዚያ ላይ ጭነው ቢቸበችቡት እሱ በየት በኩል ይጠይቃል? ራሱ ሳይፈቀድለት የሠራው ነው።

የሕግ ተማሪዋ፦ ከባድ ጥያቄ ነው። ለትርጉሙ መብት ይኑረው ብንል እንኳ የመጀመሪያውን ሥራ ባለቤት መብት አይሽርም።

ሐይቅ ዳር፦ ቸብቻቢውን አወግዛለሁ፣ በግልጽ። ሙሉ ጌም እዚህ የለጠፈ ከግሩፑ ይውጣ። የልጁ ፋይልና የፊደሉ ሥዕል ግን ይቀመጥ፤ በዚህ ድምፅ እንስጥ።

ታቦር ስር፦ የመጀመሪያውን እደግፋለሁ። ሁለተኛውን እቃወማለሁ፤ መጀመሪያ ለባለቤቱ ደብዳቤ ጽፎ ይጠይቅ።

የፒያሳው ጠጋኝ፦ ይጻፍ፣ ጥሩ ነው። መልሱ እስኪመጣ ግን ፋይሉ እንዳይጠፋ አንድ ቅጂ እኔ ጋ ይቀመጥ።