ፐብጂ ላይ ሁሌ መጀመሪያ የምሞተው እኔ ነኝ፣ ምን ይሻለኛል?

ሰላም ጓዶች፣ ፐብጂ ሞባይል (ከአውሮፕላን ዘለው ወርደው አንድ ቡድን እስኪቀር የሚታኮሱበት የስልክ ጌም) ከጀመርኩ ሁለት ሳምንቴ ነው። ኤራንጌል በሚባለው ማፕ ላይ ፖቺንኪ ከተማ እወርዳለሁ፣ ሽጉጥ እንኳ ሳላነሳ ይጨርሱኛል።

— ወንድሜ፣ ፖቺንኪ እኮ ሰው ሁሉ የሚዘልበት ሰፈር ነው! ከአውሮፕላኑ መስመር ራቅ ያለች መንደር ምረጥ። መጀመሪያ መሣሪያ፣ ከዚያ ቬስትና ሄልሜት፣ ልብስ መቀያየሩን ተወው።

— ልክ ነው፣ ግን ተደብቆ መቅረትም አያዋጣም። ዞኑ (እየጠበበ የሚሄደው ደህና ክልል) ሳይጠብ ቀድመህ ግባና ጠርዙን ያዝ፣ ከኋላ የሚመጣብህ ይቀንሳል። እኔ አንዴ ዕቃ ስለቃቅም ዘግይቼ፣ ስምንት ባንዴጅ ታቅፌ ከዞኑ ውጪ፣ ሕይወት በሚጨርሰው ሰማያዊ ውስጥ ቀረሁ 😅

— ኢርፎን አድርግ ባክህ፣ ኮቴ ከየት እንደሚመጣ የሚነግርህ እሱ ነው። የገደልከውን ሰው ሳጥን ለመበርበርም አትሩጥ፣ ጓደኛው አድፍጦ ይጠብቅሃል።

— እሺ፣ ኔትወርኩ ከፈቀደ ማታ እሞክራለሁ።