በአያቴ ቤት የሱብራታ ሚትራን ዓይነት ለስላሳ ብርሃን እንዴት ላግኝ?

ጥያቄ፦ የታቦር ልጅ፣ ሐዋሳ
ሰላም ለእናንተ ይሁን። ከታቦር ተራራ ግርጌ ባለው የአያቴ ቤት አጭር ፊልም እየቀረጽሁ ነው። ታሪኩ የሚካሄደው ጠዋት በአንዲት መስኮት በሚገባው ብርሃን ቢሆንም፣ ብርሃኑ ቶሎ ስለሚሸሽ የቀረውን በፓውዛ ለመሙላት ሞከርሁ። የአያቴ አፍንጫ ጥላ ጉንጫቸው ላይ እንደ ከሰል መስመር ወደቀ፤ ከኋላቸውም ግድግዳው ላይ ሌላ ጥቁር ሰው የቆመ መሰለ። በሕንዳዊው የካሜራ ባለሙያ በሱብራታ ሚትራ ሥራዎች ውስጥ ግን እንዲህ ያለ ጥላ አላይም። ምን ዓይነት መሣሪያ ይዞ ነው?

መልስ፦ ፎቶ አንሺው
ወንድሜ፣ መሣሪያው ጨርቅ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1930 የተወለደው ሚትራ የሕንዳዊውን ዳይሬክተር የሳትያጂት ራይን «ፓተር ፓንቻሊ» የተባለ ፊልም መቅረጽ ሲጀምር በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ የነበረ ወጣት ሲሆን፣ ከዚያ በፊት የፊልም ካሜራ ይዞ አያውቅም፤ ትምህርቱ ፈረንሳዊው ዳይሬክተር ዣን ሬኗር በሕንድ ቤንጋል ፊልም ሲሠራ ዳር ቆሞ ማየትና የብርሃኑን አቀማመጥ መመዝገብ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1956 ለወጣው የራይ ፊልም «አፓራጂቶ» የሕንዷ ከተማ የቤናሬስ ቤት ግቢ አምሳያ ደጅ ላይ ሊሠራ ታስቦ፣ የክረምቱ ዝናብ ስላሰጋ ወደ ስቱዲዮ ገባ። እውነተኛው ግቢ ብርሃን የሚያገኘው ከላይ ካለው ሰማይ ብቻ በመሆኑ፣ ሚትራ ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጥሮ መብራቶቹን ከታች ወደ ጨርቁ አዞራቸው። ተዋንያኑ ላይ የወረደው ተመልሶ የመጣው ብርሃን ነው። ይህን ባሰብሁ ቁጥር እደነቃለሁ፤ ሰማይን በጨርቅ ተካው።

መልስ፦ ላይት ሠራተኛ
የጥላው ጠርዝ የሚሳለው የብርሃኑ ምንጭ ከፊቱ አንጻር ትንሽ ሲሆን ነው። ስለዚህ ሁለት ሜትር ያህል ነጭ አቡጀዲድ ከመስኮቱ ጎን ወጥርና ፓውዛውን ወደ ጨርቁ አዙር፤ አያትህን በቀጥታ እንዳይመታቸው ብቻ ተጠንቀቅ። ጨርቁ በቀረባቸው መጠን ብርሃኑ ይለሰልሳል። የጥንቱ ዓይነት የሚግል ፓውዛ ከሆነ ግን ከጨርቁ አንድ ሜትር ይራቅ፤ እሳት ቀልድ አያውቅም። ግድግዳው አረንጓዴ ዘይት ቀለም ከተቀባም ፊታቸው ላይ አረንጓዴ ይመልሳልና ከግድግዳው አርቀህ አስቀምጣቸው።

መልስ፦ የሐይቅ ዳር
አንድ ነገር ልጨምር። ብዙዎች ለስላሳ ብርሃን ሲባል ፊቱን ከየአቅጣጫው ማጥለቅለቅ ይመስላቸዋል። ሚትራ ጥላን አለሰለሰ እንጂ አቅጣጫን አላጠፋም፤ ብርሃኑ ከሰማይ ይመጣል ካለ ከሰማይ ይመጣል። አንተም ብርሃኑ ከመስኮቱ ይመጣል ካልህ፣ ጨርቁ በመስኮቱ በኩል ይሁን፤ በተቃራኒው ያለው ጉንጭ ይጨልም፣ አትፍራው። ጥቁር ፊት ደግሞ ሰፊ ምንጭ ሲያገኝ ወዙ እንደ መስተዋት ያንጸባርቃል፤ ቅርጹ የሚታየውም በዚያ ነው።

ጥያቄ አቅራቢው፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ዛሬ ከሰዓት በኋላ አቡጀዲዱን በሁለት ምስማር ወጥሬ ሞከርሁት። ግድግዳው ላይ የነበረው ጥቁር ሰው ጠፍቷል፤ አያቴ ቡናውን ሊቀዱ ጎንበስ ሲሉም የነጠላቸው ንጣት ከአገጫቸው ሥር ብርሃን መለሰላቸው፤ ያንን እኔ አላሰብሁትም ነበር። ነገ ነጠላቸውን ትንሽ ዝቅ አድርገው እንዲለብሱ እጠይቃቸዋለሁ፤ ብርሃኑ አንገታቸው አካባቢ በዝቶብኛል።