በእንግሊዝ አሮጌ ከተሞች የፎቶ ጉዞ፦ የቱን ልያዝ፣ የቱን ልተው?

ናቲ ፒያሳ

ሰላም ለሁላችሁም። በጥቅምት ወደ እንግሊዝ ልሄድ ነው። ቪዛው እጄ ገብቷል፤ ለንደን አክስቴ ጋ አርፋለሁ። ሁለት ሳምንት ገደማ አለኝ። ያሰብኩት መኪና ተከራይቼ አሮጌዎቹን ከተሞች እየዞርኩ ፎቶ ለማንሳት ነው።

እንጀራዬ የሠርግና የልደት ፎቶ ነው። ልቤ ያለው ግን ሰፈር ላይ ነው። ተወልጄ ያደግኩት ፒያሳ ነው። ሰፈራችን በ2016 ከመፍረሱ በፊት ጠዋት ጠዋት ዶሮ ማነቂያ እየሄድኩ አነሳ ነበር። ሥጋ ቤቶቹን፣ የእንጨት በረንዳዎቹን፣ ደጃፍ ላይ ቁጭ ብለው ቡና የሚጠጡ እናቶችን። አሁን እነዚያን ፎቶዎች በከፈትኩ ቁጥር አንድ ጥያቄ ይመጣብኛል። አሮጌ ቤት ሳይፈርስ አራት አምስት መቶ ዓመት ሲቆይ ውስጡ የሚኖረው ሰው ምን ይመስላል? ጠዋት በሩን የሚከፍተው ማነው? ደጁን የሚጠርገውስ? የምሄደው ይህን ለማየት ነው። ኢንተርኔት ላይ የማገኘው ፎቶ ግን ሁሉም ባዶ መንገድና አበባ ነው።

እስካሁን የጻፍኩት እቅድ ይኸው፦ ካንተርበሪ፣ ራይ፣ ዊንቸስተር፣ ባዝ፣ ኦክስፎርድ፣ ስትራትፎርድ፣ ቼስተር፣ ዮርክ፣ ደርሃም፣ ከዚያ ኤድንብራ ደርሼ ወደ ለንደን መመለስ። በዛ መሰለኝ፤ ግን የቱን እንደምሰርዝ አላውቅም። በግራ መንዳቱስ ይከብዳል? መንገድ ላይ ፎቶ ሳነሳ እንደዚህ አገር «ማን ፈቀደልህ?» የሚል ሰው ይመጣል?

ሜሪ ከብሪስቶል

ናቲ ወንድሜ፣ እንኳን ደስ አለህ። እኔ ብሪስቶል ነው የምኖረው። ባዝ በባቡር ሩብ ሰዓት አትፈጅም፤ ሥራ በሌለኝ ቀን ካሜራዬን ይዤ የምጠፋው ወደዚያ ነው። በግልጽ ልንገርህ፤ ይህ የሹፌር እቅድ እንጂ የፎቶ አንሺ እቅድ አይደለም። በየቀኑ አዲስ ከተማ ከገባህ ሁሉንም የምታያቸው እኩለ ቀን ላይ ነው። ከረፋዱ 4 ሰዓት እስከ 10 ሰዓት ደግሞ መንገዱ በጎብኚ ይጥለቀለቃል። አንተ የምትፈልገው ሰውዬ፣ በሩን የሚከፍተው፣ ከዚያ በፊት ወጥቶ ሥራው ሄዷል። እሱን ለማግኘት እዚያው ማደር አለብህ። ስለዚህ ከግማሽ በላይ ሰርዝ። አራት ቦታ ይበቃሃል።

ጥቅምትን መምረጥህ ግን በጣም ጥሩ ነው። አዲስ አበባ ፀሐይ ቀጥ ብላ ወጥታ ቀጥ ብላ ነው የምትጠልቀው፤ ያ ወርቃማ ብርሃን ሳትጠግበው ያልቅብሃል። እዚህ ጋደል ብላ ስለምትሄድ ብርሃኑ ይቆያል። በጥቅምት ቀትር ላይ እንኳ ፀሐይዋ ዝቅ ብላ ነው የምትውለው፤ ጥላው ይረዝማል፣ የግድግዳው ሸካራነት ቁልጭ ብሎ ይታያል። በሰኔ ብትመጣ ጎህን ለማንሳት ከሌሊቱ 10 ሰዓት መነሳት ነበረብህ። በጥቅምት አጋማሽ ግን ፀሐይ የምትወጣው ከጠዋቱ 2 ሰዓት ሊሆን ትንሽ ሲቀረው ነው። ቁርስህን በልተህ ትደርሳለህ። በፈረንጆቹ ኦክቶበር የመጨረሻ እሑድ ሰዓት በአንድ ወደ ኋላ ይመለሳል። ከዚያ በኋላ 11 ሰዓት ሳይሞላ ስለሚመሽ ቀንህን በዚያ ልክ አስላ።

ባዝን በምንም አትሰርዝ። ከተማዋ የተሠራችው ማር በመሰለ የኖራ ድንጋይ ነው፤ ዝናብ ሲነካውና ፀሐይ ብቅ ስትል ሌላ ቀለም ያወጣል። ሁሉም ሰው የሚያነሳው ሮያል ክሬሰንትን ነው። እ.ኤ.አ. ከ1767 እስከ 1774 የተሠሩ፣ በግማሽ ክብ የተሰለፉ 30 ቤቶች ናቸው። አንተም አንሳው፣ ግን እዚያ አትቁም። ዞረህ ወደ ጀርባው ሂድ። ፊቱን አንድ አርክቴክት ነው የነደፈው። ከኋላ ያለውን እያንዳንዱ ባለቤት እንደ አቅሙና እንደ ፍላጎቱ ሠራው። ስለዚህ ከፊት አንድ ወጥ የሆነው ቤት ከኋላ አንዱ ወጣ ያለ፣ አንዱ ገባ ያለ፣ መስኮቱ ያልገጠመ፣ የውኃ ቧንቧው የተንጠለጠለ ነው። አንተ የጠየቅከው ኑሮ ያለው እዚያ ነው።

ሌላም ልንገርህ፣ ስለ ፒያሳ ስለጻፍክ። ባዝም ፈርሳለች። እ.ኤ.አ. በ1942 የጀርመን አውሮፕላኖች ደበደቧት። ከዚያ በ1960ዎቹና በ70ዎቹ ከተማው ራሱ የተራ ሰው ቤቶችን በብዛት አፈረሰ። የሀብታሙ ሰፈር ተጠበቀ፤ የሠራተኛው፣ የልብስ አጣቢዋ ቤት ሄደ። ዛሬ ስትዞር አሮጌው ድንጋይ ድንገት ተቋርጦ የ60ዎቹ ሕንፃ የሚጀምርበትን ጥግ ታገኛለህ። እዚያ ጥግ ላይ ጊዜ ስጥ። ባዝን እንደዚያ ያነሳ ፎቶ ብዙ አላየሁም፤ አንተ ደግሞ የምታውቀው ነገር ነው።

ጃንሆይ በስደት የኖሩበት ፌርፊልድ ቤትም እዚያው ነው፤ ኒውብሪጅ የሚባለው ሰፈር። በእኛ አቆጣጠር ከ1928 እስከ 1932 የኖሩበት ነው፤ በኋላ ለከተማው ሰጡት፣ ለአረጋውያን መገልገያ እንዲሆን። የሚከፈትበትን ቀን አስቀድመህ ጠይቅ።

ስለ መንዳት፦ አውቶማቲክ መኪና ብለህ ጠይቅ፣ ካልጠየቅክ ማንዋል ሊሰጡህ ይችላሉ። በግራ እጅ ማርሽ መቀየር ሌላ ጣጣ ነው። ቀጥታ መንገድ ላይ ወዲያው ትለምደዋለህ። የሚፈትነው አደባባይ ነው። አራት ኪሎን የምትዞርበት አቅጣጫ ተገላብጦ ነው የሚመጣልህ፤ በሰዓት ቆጣሪ አቅጣጫ ትዞራለህ፣ ቅድሚያ የምትሰጠው በቀኝህ ለሚመጣው ነው። ከአየር ማረፊያ በቀጥታ አትንዳ፣ አንድ ሌሊት ተኛ። ፍጥነቱም ርቀቱም በማይል ነው። መንገድ ዳር ሁለት ቢጫ መስመር ካየህ አትቁም። አሮጌ ከተማ መሐል በመኪና ከመግባት ይልቅ ዳር ላይ ካለው ትልቅ ማቆሚያ ትተህ በአውቶቡስ ግባ። ባዝም ዮርክም ይህ አገልግሎት አላቸው።

ፎቶ ማንሳትን በተመለከተ ሕዝብ በሚሄድበት ጎዳና ፈቃድ አያስፈልግህም። የሚያስቆምህ ዘበኛ የለም። ግን ሰላም በል። ጠዋት ደጅ ከሚጠርግ ሰው ጋር ስለ አየሩ ሁለት ቃል ከተነጋገርክ አሥር ደቂቃ ቆሞ ያወራሃል።

የድሮ ፎቶ ቤት

ልጄ ናቲ፣ ጽሑፍህን አነበብኩት፣ ደስም አለኝ፣ ከፋኝም። እኔ ፒያሳ ጨለማ ክፍል ውስጥ ነው ያረጀሁት። የስንቱን ሰው ፊት በቀይ መብራት ሥር ከወረቀት ላይ ብቅ ሲል አይቻለሁ።

አንድ መንደር ጨምር፤ ሌይኮክ ይባላል። ከባዝ 20 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ልጄ እንግሊዝ አገር ስላለ ወስዶኝ አይቼዋለሁ። እዚያ ዊልያም ሄንሪ ፎክስ ታልቦት የሚባል ሰው በቤቱ ውስጥ ያለች አንዲት መስኮት እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1835 በትንሽ የእንጨት ሣጥን ቀረጸ። ዛሬ በዓለም ላይ ከቀሩት የካሜራ ኔጌቲቮች ሁሉ ቀዳሚው እሱ ነው። ስፋቱ የፖስታ ቴምብር ቢያክል ነው። ቤቱም መስኮቱም ዛሬ አሉ፤ ገብተህ እፊቱ መቆም ትችላለህ። እኔ እዚያ ቆሜ እንባዬ መጣ። ዕድሜ ልኬን በእጄ የያዝኩት ነገር ሁሉ ከዚያች መስኮት ነው የመጣው።

መንደሩም ላንተ ጥያቄ መልስ አለው። እ.ኤ.አ. በ1944 የታልቦት ዘር የሆኑት ሴት ቤቱንም መንደሩንም ለቅርስ ጠባቂው ማኅበር ለናሽናል ትረስት ሰጡት። ቤቶቹ ባዶ አይደሉም፣ ሰው ተከራይቶ ይኖርባቸዋል። ጠዋት ብትሄድ ልጁን ትምህርት ቤት የሚወስድ አባት ታያለህ። መስኮታቸው ላይ ሌንስህን አትደግን እንጂ ከመንገድ የሚታየው ይበቃሃል።

ሁለተኛው ምክሬ የልዑል ዓለማየሁ ነገር ነው። ከመቅደላ በእኛ አቆጣጠር በ1860 ሲወሰድ ገና የሰባት ዓመት ልጅ ነበር። መጀመሪያ ከኖረባቸው ቦታዎች አንዱ በዋይት ደሴት ያለችው ፍሬሽዋተር ናት። እዚያ ጎረቤት የነበረችው ጁሊያ ማርጋሬት ካሜሮን ነበረች፣ በዘመኑ ከነበሩት ታላላቅ ፎቶ አንሺዎች አንዷ። በዚያው ዓመት ልጁን አስቀምጣ አነሳችው። ፎቶዎቹን ሳታይ አትሂድ። ፊቱ ላይ ምንም ፈገግታ የለም። ብርሃኑ ከአንድ ጎን ነው የሚመጣው፣ ለስላሳ ነው፣ ሌላው ሁሉ ጨለማ ነው። ቤቷ ዲምቦላ ዛሬ ሙዚየም ነው። አንድ ኢትዮጵያዊ ፎቶ አንሺ እንግሊዝ ደርሶ እዚያ ሳይሄድ ቢመለስ እኔ ቅር ይለኛል።

ልጁ በ18 ዓመቱ ሞተ፤ ያረፈው ዊንዘር፣ ቅዱስ ጊዮርጊስ ጸሎት ቤት ነው። እዚያ ውስጥ ፎቶ ማንሳት ክልክል ነው። ካሜራህን ቦርሳ ውስጥ አድርገህ ግባ፣ የመታሰቢያ ጽሑፉን ፈልግ፣ ጸሎት አድርስለት። እሑድ ለጎብኚ ዝግ ስለሆነ በሌላ ቀን ሂድ።

ደግሞ አንድ ሁለት ጥቅል ጥቁርና ነጭ ፊልም ያዝ። ሌይኮክን በዲጂታል ብቻ አንስተህ እንዳትመጣ።

ሳሚ ካዛንቺስ

እኔ መኪናውን ለሰሜኑ አልመክርም። ዮርክ ከለንደን በባቡር ሁለት ሰዓት ገደማ ነው፤ ከጣቢያው በእግር ትገባለህ። በመኪና ከባዝ ዮርክ ሙሉ ቀንህን ይበላብሃል፣ እሱም አውራ ጎዳና ላይ፣ ምንም በማታነሳበት።

ዮርክን ግን አትተው። ሻምብልስ የሚባል ጠባብ መንገድ አለ፤ የላይኛው ፎቅ ወደ መንገዱ ተደፍቶ ጣራዎቹ ሊነካኩ ምንም አይቀራቸው። ድሮ የሥጋ ቤቶች ሰፈር ነበር። ሥጋ የሚሰቀልባቸው መንጠቆዎች አንዳንድ ቤቶች ላይ እስካሁን አሉ፤ ከመስኮቱ ሥር ሥጋ የሚዘረጋበት ሰፊ መደብም አለ። ዛሬ የሚሸጠው የጎብኚ ዕቃ ነው። የዶሮ ማነቂያ ፎቶ ያለው ሰው እነዚያን መንጠቆዎች ቢያነሳ ሁለቱን ጎን ለጎን መስቀል ይችላል። ሱቆቹ ሳይከፈቱ ሂድ። ከዚያ ግንቡ ላይ ውጣ፣ ከተማዋን ከላይ ታያለህ፤ ዙሪያው ሦስት ኪሎ ሜትር ተኩል ቢሆን ነው።

ናቲ ፒያሳ

እግዜር ይስጥልኝ። ጋሼ፣ የእርስዎን መልስ ለእናቴ አነበብኩላት። ዲምቦላን ሳላይ አልመለስም። ሳሚ፣ የመንጠቆዎቹን ነገር ካነበብኩ ጀምሮ ሌላ ማሰብ አልቻልኩም። የሥጋ ቤቶቹን ፎቶዎች ለይቼ አትሜ ይዤ እሄዳለሁ፣ እዚያው ቆሜ እንዳስተያይ።

አዲሱ እቅድ፦ ዊንዘር፣ ፍሬሽዋተር፣ ባዝና ሌይኮክ በመኪና። ከዚያ መኪናውን መልሼ ዮርክ በባቡር። ኤድንብራና ደርሃም ለሌላ ጊዜ። ሜሪ፣ ከደሴቱ ወደ ባዝ ስሄድ መንገድ ላይ የማድርበት ከተማ አለ? ፊልሙንስ ከዚህ ልያዝ? ኤክስሬይ ያበላሸዋል ይባላል።

ሜሪ ከብሪስቶል

አሁን የፎቶ አንሺ እቅድ ሆነ።

በመንገድህ ሻፍትስበሪ አለች፤ እዚያ እደር። ጎልድ ሂል የሚባል በድንጋይ የተነጠፈ ቁልቁለት አላት። በአንድ በኩል ትንንሽ ቤቶች ተደርድረዋል፣ በሌላው የድሮው ገዳም ግንብ ቆሟል፣ ከታች አረንጓዴ ሸለቆ ነው። ጠዋት ጭጋግ ከሸለቆው ሲነሳ ከላይ ቁም። እነዚያም ቤቶች ሰው ይኖርባቸዋል፤ ቁልቁለቱን ዕቃ ይዞ የሚወጣ ሰው እስኪመጣ ጠብቅ። ሰው ከሌለበት የቀን መቁጠሪያ ፎቶ ነው የሚሆነው።

ፊልሙን እዚህ ግዛ፣ እዚሁም ሳትመለስ አሳጥበው። ሒትሮው ያሉት አዲሶቹ የፍተሻ ማሽኖች ያልታጠበ ፊልም በእርግጥ ያበላሻሉ። የግድ ይዘህ ከመጣህ በእጅ እንዲፈትሹልህ ጠይቅ፤ ሻንጣ ውስጥ በፍጹም እንዳታስገባው።

ወደ ደሴቱ ከሊሚንግተን ወደ ያርመዝ የሚሻገረውን ጀልባ ያዝ። መኪና ይጭናል፣ 40 ደቂቃ ገደማ ይፈጃል፣ ፍሬሽዋተር ከዚያ ቅርብ ናት። ቦታ ስትይዝ የመኪናውን ታርጋ ከጠየቁህ ኪራዩን ቀድመህ ጨርስ። ባዝ ስትደርስ ጻፍልኝ፣ የክሬሰንቱን ጀርባ እኔ ራሴ አሳይሃለሁ።