ከእጮኛሽ ጋር የምታዩት ፊልም

ሰላም ለሁላችሁም። ጥቁርና ነጭ የሚዋደዱበት ጥሩ ፊልም ጠቁሙኝ ላልሽው እህታችን፣ እኔም የፈረንጅ ሚስት ነኝና ትንሽ ልበል።

አብዛኞቹ አንድ ዓይነት ናቸው። ይዋደዳሉ፣ ቤተሰብ ይቆጣል፣ እራት ላይ ይፋጠጣሉ፣ አባትየው ይለሰልሳል፣ አለቀ። የዚህ ታሪክ ታዋቂው እ.ኤ.አ. በ1967 የወጣው «ጌስ ሁ ኢዝ ከሚንግ ቱ ዲነር» ነው። ለዘመኑ ድፍረት እንደነበር አልክድም። ሄይስ ኮድ የሚባለው የሆሊውድ ደንብ ለዓመታት እንዲህ ያለውን ፍቅር ማሳየት ይከለክል ነበር። ግን ጥቁሩ ተዋናይ ሲድኒ ፖይቲየር የሚጫወተውን ሰው ልብ በይው። ስመ ጥር ሐኪም፣ ጨዋ፣ ነቀፋ የማይገኝበት። ነጯ ልጅስ? እሷ መውደዷ ብቻ በቂ ነው። እሱ እንዲወደድ መጀመሪያ እንከን የለሽ መሆን ነበረበት። ባሌ ወላጆቹ ቤት መጀመሪያ የወሰደኝ ቀን እኔም እንደዚያ ነበርኩ። ቃለ መጠይቅ እንደገባ ሰው ቀጥ ብዬ ተቀምጬ፣ ያልተጠየቅኩትን ዲግሪዬን ሁሉ ዘረዘርኩ። አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል።

እኔ የምመክርሽ የ2016ቱን «ላቪንግ» ነው። ሩት ኔጋ፣ አባቷ ኢትዮጵያዊ እናቷ አየርላንዳዊት የሆነችው፣ ለኦስካር የታጨችበት። ታሪኩ እውነተኛ ነው። ሚልድረድና ሪቻርድ ላቪንግ በ1958 ዋሽንግተን ዲሲ ሄደው ተጋቡ። የጥቁርና የነጭ ጋብቻ በቨርጂኒያ የተከለከለ ስለነበር፣ ሲመለሱ ተያዙ። ዳኛው የአንድ ዓመት እስር ፈረደባቸውና፣ ከክፍለ ግዛቱ ወጥተው ለ25 ዓመት አብረው ካልተመለሱ እስሩን ተወላቸው። ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ እገዳው በ1967 ሲሻር፣ ሕጉ ገና በ16 ክፍለ ግዛቶች ነበር። ፊልሙ ግን የፍርድ ቤት ንግግር አያበዛም። ሪቻርድ ግንበኛ ነው፤ ጡብ ሲደረድር ታያለሽ። ችሎቱ ላይ ራሱ አልተገኘም፤ ለጠበቃው የሰጠው መልእክት «ሚስቴን እወዳታለሁ ብለህ ንገራቸው» የሚል ነበር።

ልቦለድ ላይ ደግሞ የሰውን ቆዳ በቸኮሌትና በካራሜል የሚገልጽ ደራሲ ካጋጠመሽ መጽሐፉን ዝጊው። ሰው ነው፣ ኬክ አይደለም።

ሁሉም ላይ የሚጎድልብኝ የቋንቋ ነገር ነው። እኔና ባሌ ስንጋጭ የምንጋጨው በእሱ ቋንቋ ነው። ስለዚህ ሁሌም እሸነፋለሁ። ትክክለኛው ቃል የሚመጣልኝ ጠቡ ካለቀ በኋላ፣ ሳህን ሳጥብ ነው። ከእናቴ ጋር በስልክ ስስቅ ደግሞ እሱ ሳይገባው አብሮኝ ይስቃል፣ ከዚያ «ምን አለች?» ይላል። ስተረጉምለት አያስቅም። ይህን የሚያሳይ የፍቅር ፊልም እስካሁን አላጋጠመኝም። የምታውቁ ካላችሁ ንገሩኝ።

አንድ ነገር ብቻ፤ «ላቪንግ»ን ማታ መሽቶባችሁ አትጀምሩት። 2 ሰዓት ነው የሚረዝመው። እኛ ግን በየመሃሉ እያቆምን ስናወራ 4 ሰዓት ፈጀብን።