ፊርማ የሌለው የአቤቱታ ደብዳቤ እንድጽፍ ተጠይቄአለሁ፤ ምን ትመክሩኛላችሁ?

ጥያቄ፦
በአንድ ፍርድ ቤት አጠገብ ማመልከቻ በመጻፍ እተዳደራለሁ። ትናንት አንድ ወጣት መጥቶ የመሥሪያ ቤቱ የግዥ ኃላፊ ከአቅራቢዎች ጉቦ እንደሚቀበል የሚገልጽ፣ ስምና ፊርማ የሌለበት ደብዳቤ እንድጽፍለት ጠየቀኝ። ዋናው ለበላይ ኃላፊው፣ ግልባጩ ደግሞ ለሰውየው ባለቤትና ለዕድራቸው ሊቀመንበር እንዲደርስ የፈለገ ሲሆን፣ ስለ ኃላፊው ትዳርም ሁለት አንቀጽ እንድጨምር ነግሮኛል። ሲናገር ድምፁ ይንቀጠቀጥ ስለነበር ይዋሻል ለማለት አልደፈርኩም። ብጽፍለት የሰው ስም ማጥፋት፣ ብመልሰው ደግሞ የተበደለን ሰው አፍ መዝጋት እንዳይሆንብኝ ስጨነቅ አደርኩ፤ ነገ ይመለሳል።

መልስ 1፦
ወንድሜ፣ እኔም ለብዙ ዓመታት ራፖር ጸሐፊ ነበርኩ። እንዲህ ያለ ባለጉዳይ ሲመጣ ብዕር ከማንሳቴ በፊት በዓይኑ ያየውን ከሰማው ለይቶ እንዲነግረኝ አደርግ ነበር፤ የትኛው ጨረታ፣ በየትኛው ቀን፣ ስንት ብር፣ ማን ባለበት? ያየ ሰው ቢያንስ አንዱን ይመልሳል።

መልስ 2፦
በጥብቅና ሙያ ላይ ነኝ። ፊርማ አለመኖሩ ብቻውን ጥያቄውን ነውር አያደርገውም፤ የበቀል ፍርሃት እውነተኛ በመሆኑ ነው የወንጀል ምስክሮችና ጠቋሚዎች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 699/2003 የወጣው። ጥቆማውንም ለፌዴራል የሥነ ምግባርና ፀረ ሙስና ኮሚሽን ማቅረብ ይችላል። እኔን ያሳሰበኝ ግልባጩ ነው። የሰውየው ባለቤትም ሆኑ የዕድሩ ሊቀመንበር የግዥ ሰነድ የመመርመር ሥልጣን የላቸውም፤ ስለዚህ ለእነርሱ የሚላከው ወረቀት ሰውየውን ከማዋረድ በቀር የሚያስገኘው ነገር የለም። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 613 ስም ማጥፋትን፣ በአንቀጽ 447 ደግሞ ንጹሕ መሆኑን እያወቁ ሰውን በሐሰት መወንጀልን ይቀጣል፤ እያወቀ የረዳም በተባባሪነት ሊጠየቅ ይችላል። የጉቦውን ክፍል ይጻፉለት፤ ትዳሩንና ግልባጩን ግን አይንኩ።

መልስ 3፦
በአባቴ ላይ እንዲህ ያለ ደብዳቤ ተጽፎበት ነበር። ጉዳዩ ተጣርቶ ነጻ መሆኑ ሲረጋገጥ ውጤቱ የተገለጸው ለመሥሪያ ቤቱ ብቻ ነው፤ ግልባጩ ለደረሳቸው ጎረቤቶቻችን ግን ማንም አልነገራቸውም። እባክዎ በግልባጩ ጉዳይ ይጽኑ።

ጠያቂው፦
ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ወጣቱ ዛሬ መጣ። የጨረታውን ወርና የአቅራቢውን ድርጅት ስም ሳያመነታ ነገረኝ፤ ስለ ትዳሩ ስጠይቀው ግን «ሰው ሲያወራ ሰምቼ ነው» አለ። አንድ ገጽ ጥቆማ ጻፍኩለት። ግልባጭ አልጻፍኩም፤ ትንሽ ተከራክሮኝ የጻፍኩለትን ይዞ ሄደ።